የመተማ መንገድ ስንት ያወጣል?

በኮኪት ገበያ ዋጋ ያልወጣለት ነገር ማግኘት ይቸግራል። ሰሊጥ በኩንታል ይደራደሩበታል፤ ማሽላ በጆንያ ይገመታል፤ በሬው ሻኛው ታይቶ፣ ፍየሏ ወገቧ ተዳስሶ ዋጋ ይቆረጥላቸዋል። ድንበሩ ቅርብ ስለሆነ ነጋዴው የብርንና የሱዳን ፓውንድን ምንዛሪ እንደ ዝናብ ደመና ይከታተላል። ይህን ሁሉ የሚያመጣውና የሚወስደው፣ ከተማዋን አቋርጦ የሚያልፈው አስፋልት ግን ስንት እንደሚያወጣ የሚጠይቅ የለም። የማይሸጥ ነገር ስለሆነ ዋጋው ትዝ አይልም፤ ዋጋው ትዝ ስለማይልም ሲያልቅ እንደ ኪሳራ አይቆጠርም።

መንገዱ ከአዘዞ ይነሳል። በአይከል አድርጎ የጭልጋን ደጋ ያቋርጥና በነጋዴ ባሕር በኩል ቁልቁል ይወርዳል። ገንዳ ውሃንና ኮኪትን አልፎ መተማ ዮሐንስ ሲደርስ ከሱዳኗ ገላባት የሚለየው አንድ ጠባብ ወንዝ ብቻ ነው። ርዝመቱ 180 ኪሎ ሜትር ገደማ ይሆናል። 2,000 ሜትር ገደማ ከፍታ ካለው የአዘዞ ወይና ደጋ ተነስቶ 700 ሜትር አካባቢ ወዳለው ሐሩር ሲወርድ አፈሩም ሙቀቱም የጎርፉ ጠባይም ይለወጣል። በካርታ ላይ አንድ መስመር ነው፤ ለጠጋኙ ግን የጭልጋው ቁልቁለትና የመተማው ሜዳ ሁለት የተለያዩ ታማሚዎች ናቸው።

የመንገድ መሥሪያ ቤቶች በዓለም ዙሪያ ላለፉት ጥቂት አስርት ዓመታት ሲማሩ የቆዩት አንድ ነገር አለ። መንገድ ተሠርቶ፣ ሪባን ተቆርጦ፣ ፎቶ ተነስቶ የሚያበቃ ፕሮጀክት አይደለም፤ ሀብት ነው። ሀብት ደግሞ መዝገብ ይፈልጋል። የት እንዳለ፣ በምን ሁኔታ ላይ እንዳለ፣ በየቀኑ ምን እንደሚሸከም፣ በየዓመቱ ምን ያህል እንደሚያልቅ፣ ቢበጠስ ማን ምን እንደሚያጣና በሕይወት ለማቆየት ትንሹ ወጪ ስንት እንደሆነ ያልታወቀ መንገድ ባለቤት አለው ማለት ያስቸግራል። አሜሪካ ክፍለ ግዛቶቿ ለዋና አውራ ጎዳናዎቻቸው በስጋት ላይ የተመሠረተ የሀብት አስተዳደር ዕቅድ እንዲያወጡ በሕግ ያስገደደችው እ.ኤ.አ. በ2012 ነው። ዓለም አቀፉ የደረጃዎች ድርጅት አይኤስኦም ከሁለት ዓመት በኋላ ለማንኛውም ዓይነት ሀብት የሚያገለግል የአስተዳደር ደረጃ አወጣ። እነዚህ ዓመታት ለእኛም ሩቅ አይደሉም፤ ኢትዮጵያ በታሪኳ ብዙ መንገድ የገነባችባቸው ዓመታት ናቸው።

ከጥገና ዕዳ የተወለደ መሥሪያ ቤት

የዓለም ባንክ ለአፍሪካ የመጀመሪያውን ብድር የሰጠው በመስከረም 1943 ዓ.ም. ለኢትዮጵያ ነው። ከዚያ ውስጥ 5 ሚሊዮን ዶላሩ ለመንገድ ተመደበ። ገንዘቡ በዋናነት የተፈለገው አዲስ መንገድ ለመቁረጥ አልነበረም። ጣሊያን በአምስቱ ዓመት ወረራ ዘርግቶት የሄደው መንገድ ጦርነት ፈጅቶት፣ ከዚያም ጠጋኝ አጥቶ ስለፈራረሰ እሱን መልሶ ለማቅናት ነበር። በዚያው በ1943 የንጉሠ ነገሥቱ መንግሥት የአውራ ጎዳና ባለሥልጣን ተቋቋመ። ከ2014 ዓ.ም. ወዲህ የኢትዮጵያ መንገዶች አስተዳደር የምንለው መሥሪያ ቤት እንግዲህ የተወለደው ከጥገና ዕዳ ነው። ይህን የልደት ታሪኩን መሥሪያ ቤቱ ራሱ ቢያስታውሰው ደስ ይለኝ ነበር።

የመተማ መስመር ከዚያም በፊት ታሪክ አለው። መተማ ላይ መጋቢት 1881 ዓ.ም. ከድርቡሽ ጋር በተደረገው ጦርነት አፄ ዮሐንስ ወድቀዋል፤ ከተማዋ በስማቸው የምትጠራውም ስለዚህ ነው። ከግማሽ ምዕተ ዓመት በኋላ፣ ጥር 1933 ዓ.ም. ጣሊያኖች መተማን ለቀው ወደ ጎንደር ሲያፈገፍጉ ከኋላቸው ያለውን መንገድ ፈንጂ ቀብረውበት ነበር። ፕሬሚንድራ ሲንግ ባጋት የተባለ ሕንዳዊ ወጣት የመሐንዲስ መኮንን ተከታዩን የእንግሊዝ ጦር እየመራ በአራት ቀን ውስጥ 55 ማይል፣ ማለትም 88 ኪሎ ሜትር ያህል መንገድ መረመረ፤ 15 የፈንጂ መስኮችንም አስለቀመ። የተሳፈረበት ተሽከርካሪ በፈንጂ ተመታ፤ የጆሮው ታምቡርም ተበሳ። ለዚህ ሥራው የቪክቶሪያ መስቀል ተሸለመ። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ያንን ኒሻን ያገኘ የመጀመሪያው ሕንዳዊ መኮንንም እሱ ነው። ይህን መንገድ እንዲህ ስንዝር በስንዝር ያጠና ሌላ ሰው ይኖር ይሆን?

ወደ ዘመናችን እንምጣ። የመንገድ ዘርፍ ልማት ፕሮግራም በ1990 በጀት ዓመት ሲጀመር የአገሪቱ መንገድ 26,550 ኪሎ ሜትር ነበር፤ በጥሩ ሁኔታ ላይ ነበረ የሚባለውም ከሩብ የማይበልጠው ነው። ከ18 ዓመት በኋላ የመንገዱ ርዝመት ከ110,000 ኪሎ ሜትር አለፈ። በ2003 ዓ.ም. የተጀመረው ሁሉን አቀፍ የገጠር መንገድ ተደራሽነት ፕሮግራም ብቻውን በአሥር ሺዎች የሚቆጠር ኪሎ ሜትር ጨምሮበታል። የመተማው መንገድ ከጠጠር ወደ አስፋልት ያደገውም በዚህ የግንባታ ዘመን ነው። ማንም ፍትሐዊ ሰው ይህን ሥራ አያቃልልም፤ ከመተማ ወይም ከቋራ በክረምት በሽተኛ ይዞ ለመውጣት የተቸገረ ሰው ደግሞ ጨርሶ አያቃልለውም። ነገር ግን በ18 ዓመት ውስጥ መንገዱን አራት እጥፍ ያሳደገ አገር የጥገና ግዴታውንም አራት እጥፍ አሳድጓል። ግንባታው ሲመረቅ አየን፤ ግዴታው ሲመረቅ ግን አላየንም።

ኮኪት ላይ መንገድ የሚገድለው ምንድን ነው?

የመጀመሪያው ገዳይ ውሃ ነው። የመተማ ሜዳ አብዛኛው ዋልካ ነው፤ ለሰሊጥ፣ ለጥጥና ለማሽላ የሚመች፣ መንገድ ለሚሠራበት ሰው ግን ፈተና የሆነ ጥቁር አፈር። ክረምት ሲገባ ውሃ ጠጥቶ ያብጣል፤ በጋ ሲሆን ደርቆ ይሰነጣጠቃል፤ ስንጥቁ እግር የሚያስገባ ይሆናል። አስፋልቱ ከላይ ሆኖ ይህን ማበጥና መኮማተር በየዓመቱ ይሸከማል። መጀመሪያ የሚሰነጠቀው ጠርዙ ነው፤ ምክንያቱም ከትከሻው ሥር ያለው አፈር በክረምት ይረጥባል፣ በበጋ ይደርቃል፤ ከመሀሉ ሥር ያለው ግን ብዙም አይለዋወጥም። በመንገዱ ርዝመት የሚሄድ ቀጭን ስንጥቅ ይታያል። ሾፌሩ አያስተውለውም፤ ውሃ ግን ያገኘዋል። በዚያ ስንጥቅ የገባ ውሃ ከሥር ያለውን ገረጋንቲ ያለሰልሰዋል፤ ከላይ ከባድ መኪና ሲያልፍበት ይንጠዋል። በሁለተኛው ወይም በሦስተኛው ክረምት ጉድጓዱ ይወለዳል። እኛ መንገዱ ተበላሸ የምንለው ያኔ ነው። መበላሸቱ ግን የጀመረው የጎን ቦዩ የተደፈነ ዕለት ነበር።

ቦዩን የሚደፍነው ማነው? ሁላችንም ነን። እንደ ኮኪት ባሉ የመንገድ ዳር ከተሞች ሱቅ የከፈተ ሰው መኪና በሩ ድረስ እንዲገባለት ቦዩ ላይ አፈር ይደፋል። ፌስታሉና የቤት ጥራጊው ይከተላል። ገበሬው ደግሞ እርሻውን እስከ መንገዱ ትከሻ ድረስ ያርሳል፤ የታረሰው አፈር በመጀመሪያው ዶፍ ተጠርጎ ቱቦው ውስጥ ይተኛል። አውራ ጎዳናው የፌዴራል ነው፤ ቆሻሻው የከተማው ነው፤ እርሻው የቀበሌው ነው። የሦስቱ ወሰን የሚገናኘው ቦዩ ላይ ስለሆነ ቦዩ የማንም አይደለም። አንዲት የቱቦ አፍ በጊዜ ቢጠረግ አካፋና ጥቂት ሰው ይበቃታል። ካልተጠረገች ውሃው በላይዋ ዘሎ የመንገዱን ሙሌት ይዞት ይሄዳል፤ ያኔ ግሬደር፣ ሮሎ፣ ገልባጭ መኪናና ዶላር ያስፈልጋል።

ሁለተኛው ሙቀቱ ነው። ከመጋቢት እስከ ግንቦት መተማ ላይ የአየሩ ሙቀት ከ40 ዲግሪ ሴንቲግሬድ የሚያልፍበት ቀን አለ፤ ጥቁሩ አስፋልት ራሱ ደግሞ ከአየሩ ይብስ ይግላል። ሬንጅ ሲሞቅ ይለሰልሳል። የለሰለሰ አስፋልት ላይ ከባድ መኪና በዝግታ ሲያልፍ ጎማው ቦይ እየቀደደ ይሄዳል። ዳገት ላይ፣ ኬላ ፊት ለፊትና የመኪና ሰልፍ በሚቆምበት ቦታ ሁሉ ይህን የጎማ ቦይ ማየት ይቻላል። ስለዚህ ለአዲስ አበባ ዙሪያ የተመረጠ ሬንጅ መተማ ላይ አይሠራም።

ሦስተኛው ክብደቱ ነው። እዚህ ላይ ሰው በቀላሉ የማይቀበለው አንድ ሒሳብ አለ። እ.ኤ.አ. ከ1958 እስከ 1960 አሜሪካኖች በኢሊኖይ ክፍለ ግዛት ኦታዋ አጠገብ የሙከራ መንገድ ሠርተው የጭነት መኪኖችን ያለማቋረጥ አመላለሱበት። ያገኙት ውጤት የዓለምን የመንገድ ንድፍ ለወጠ፤ አንድ አክስል መንገድን የሚጎዳው በክብደቱ ልክ ሳይሆን ወደ ክብደቱ አራተኛ ኃይል በሚጠጋ መጠን ነው። 10 ቶን እንዲሸከም የታሰበ አክስል 13 ቶን ቢጫንበት የጫነው ነጋዴ 30 በመቶ አተረፍሁ ይላል፤ መንገዱ ግን ሦስት እጥፍ ያህል ይጎዳል። ግማሽ ቶን አክስል ያላት የቤት መኪና ደግሞ 10 ቶን አክስል ካለው ተሳቢ ጋር ብትነጻጸር ጉዳቷ ከመቶ ሺህ አንድ አይሆንም። መንገድ የሚያፈርሰው የመኪናው ብዛት እንዳይመስለን፤ ከመጠን በላይ የጫኑ ጥቂቶች ናቸው።

ይህ ለመተማ ትልቅ ትርጉም አለው። ከመስከረም ማገባደጃ ጀምሮ የሰሊጥ ምርት ሲደርስ አይሱዙው፣ ሲኖትራኩና ተሳቢው ሁሉ ወደ ቆላ ይወርዳል። የኢትዮጵያ ምርት ገበያ መተማ ላይ የሰሊጥ መቀበያ መጋዘን አለው። ከ1990ዎቹ አጋማሽ ጀምሮም ከሱዳን በተገዛ ነዳጅ የተሞሉ ቦቴዎች ለዓመታት በዚሁ መንገድ ሽቅብ ይወጡ ነበር። የሚዛን ጣቢያ የሚያስፈልገው እንግዲህ ለመቀጫ አይደለም፤ መንገዱን ለማዳን ነው። ለዘመድ የሚከፈትና ለሌሊት ጉዞ የሚዘጋ ሚዛን ካለ ባይኖር ይሻላል፤ ቢያንስ ሚዛን አለን ብለን ራሳችንን አናታልልም ነበር።

የዘገየ ብር

የዓለም ባንክ እ.ኤ.አ. በ1994 ባወጣው የልማት ሪፖርት ስለ አፍሪካ መንገዶች አንድ ስሌት አስቀምጧል፤ ከዚያ በፊት በነበረው አስርት ዓመት 12 ቢሊዮን ዶላር በጊዜው ለጥገና ቢውል ኖሮ ለመልሶ ግንባታ የሚወጣ 45 ቢሊዮን ዶላር ይድን ነበር ይላል። የደቡብ አፍሪካ ብሔራዊ መንገዶች ኤጀንሲ ደግሞ ጥገና ሦስት ዓመት ሲዘገይ ወጪው ስድስት እጥፍ፣ አምስት ዓመት ሲዘገይ አሥራ ስምንት እጥፍ ይሆናል እያለ ዓመት ከዓመት ይወተውታል። ቁጥሩ ከቦታ ቦታ ይለያይ ይሆናል፤ አቅጣጫው ግን የትም አንድ ነው።

አዋጅ ቁጥር 66/1989 የመንገድ ፈንድን ያቋቋመው ይህን አውቆ ነው። ሐሳቡ ቀላልና ብልህ ነበር፤ በመንገዱ የሚጠቀም ለመንገዱ ይክፈል፤ የተከፈለውም ለጥገና ብቻ ይዋል። ከነዳጅ ላይ የሚሰበሰበው ክፍያ፣ በአክስል ክብደት የሚሰላው ዓመታዊ የተሽከርካሪ ፈቃድ ማደሻና ከመጠን በላይ የጫነ የሚቀጣው ገንዘብ ወደ ፈንዱ እንዲገባ ተደነገገ። ክፍፍሉ ሲሠራበት የኖረው 70 በመቶ ለፌዴራል መንገዶች፣ 20 በመቶ ለክልሎች፣ 10 በመቶ ለከተሞች ሆኖ ነው።

ዛሬ ግን የፈንዱ መሠረት ከሁለት ወገን እየተሸረሸረ ነው። ሬንጅ ከውጭ በዶላር ይመጣል፤ ከሐምሌ 2016 ዓ.ም. ወዲህ ብር በገበያ እንዲመነዘር ሲደረግ የሬንጅ ዋጋ በብር ሲሰላ የት እንደደረሰ ማንም ይገምታል። ከነዳጅ ሊትር በሳንቲም ሲቆረጥ የኖረው ክፍያ ከዚህ ጋር አልተራመደም። በሌላ በኩል መንግሥት በ2016 ዓ.ም. የነዳጅ የቤት መኪና እንዳይገባ ወስኖ በኤሌክትሪክ መኪና እየተካ ነው። የኤሌክትሪክ መኪና ነዳጅ አይቀዳም፤ ነዳጅ የማይቀዳ መኪና ለፈንዱ በዚያ በር አይከፍልም። ከባድ መኪናው አሁንም ናፍጣ ስለሚቀዳ ፈንዱ ወዲያው አይደርቅም። ግን ከአሥር ዓመት በኋላ መንገድ በምን ይጠገናል የሚለው ጥያቄ ዛሬ ካልተመለሰ ያኔ አይመለስም። በ2006 ዓ.ም. የተመረቀው የአዲስ አበባ–አዳማ ፈጣን መንገድ በክፍያ ራሱን ይጠብቃል ይባላል፤ እውነትም ነው። ኮኪት ላይ ግን የክፍያ በር ብናቆም ከመኪናው ይልቅ ጠባቂዎቹ ይበዛሉ። የድንበር መንገድ ሌላ ዓይነት ስሌት ይፈልጋል።

መኪና መቁጠርና መንገድ መመዘን

የኢትዮጵያ መንገዶች አስተዳደር ይህን አያውቅም ማለት አይደለም። የአስፋልት አስተዳደርና የድልድይ አስተዳደር ሥርዓት አለው። ኤችዲኤም-4 የተባለውን፣ የመንገድን እርጅና አስቀድሞ የሚተነብየውን ዓለም አቀፍ ፕሮግራም ይጠቀማል። የመንገድ ሸካራነትን በሜትር ለኪሎ ሜትር እየለካ የሚያወዳድረውን መለኪያም መሐንዲሶቹ ያውቁታል፤ አዲስ አስፋልት ሁለት አካባቢ ያሳያል፤ ቁጥሩ ሲወጣ ጎማው፣ ነዳጁና የተሳፋሪው ወገብ አብረው ያልቃሉ። ጎንደር ላይም ይህን መስመር የሚጠብቅ ዲስትሪክት አለ። ድሮ ዲስትሪክቱ የራሱ ማሽንና ሠራተኛ ነበረው፤ በየመንገዱ ካምፕ ነበረው። በ2003 ዓ.ም. የራስ ኃይሉ ተነጥሎ ኮርፖሬሽን ሆነ፤ በ2008 ዓ.ም. ደግሞ ከሌሎች ጋር ተዋሕዶ የኢትዮጵያ ኮንስትራክሽን ሥራዎች ኮርፖሬሽን ተባለ። ባለቤቱና ሠሪው መለየታቸው ተገቢ ነበር፤ ራሱ ሠርቶ ራሱ የሚመሰክር አይጠየቅምና። ነገር ግን በውል የሚሠራ ጥገና ጨረታ፣ ተቋራጭና ፊርማ ይጠብቃል። ክረምት አይጠብቅም።

እኔን የሚያሳስበኝ ግን ቅደም ተከተሉ ነው። በእነዚህ ፕሮግራሞች የጥገና ጥቅም በዋናነት የሚሰላው ለተጠቃሚው በሚተርፈው ገንዘብ ነው፤ መንገዱ ቢስተካከል እያንዳንዱ መኪና ከነዳጅና ከጊዜ ስንት ያተርፋል፣ ያ በመኪኖቹ ቁጥር ሲባዛ ስንት ይሆናል። ብዙ መኪና የሚመላለስበት መንገድ ስለዚህ ሁልጊዜ ይቀድማል። አገር አቀፍ በጀት በዚህ ስሌት ቢከፋፈል ሞጆና አዳማ መተማን መቼም ይቀድሟታል። ስሌቱ ስህተት የለበትም፤ ጎዶሎ ነው እንጂ። መኪና ይቆጥራል፤ መንገዱ ሲበጠስ የሚጠፋውን አይቆጥርም። ሞጆ አካባቢ አንድ መንገድ ቢዘጋ ሌላ አለ። ከነጋዴ ባሕር በታች አንድ ድልድይ ቢወድቅ ግን ኮኪትና መተማ ወደ ጎንደር የሚወጡበት፣ ለተሳቢ የሚበቃ እኩያ መንገድ የላቸውም። ስትራቴጂያዊ አስተዳደር የሚባለው ነገር ትርጉም የሚያገኘው እዚህ ላይ ይመስለኛል፤ መንገድን በሚያልፍበት ብቻ ሳይሆን በሚጎድልበትም ቀን መመዘን።

ምሳሌ ለማግኘት ሩቅ መሄድ አያስፈልግም። ሚያዝያ 2015 ዓ.ም. ካርቱም ላይ ጦርነት ሲፈነዳ በአሥር ሺዎች የሚቆጠሩ ሰዎች በዚሁ መንገድ ወደ ኢትዮጵያ ገቡ፤ ሱዳናውያን፣ ተመላሽ ኢትዮጵያውያንና የብዙ አገር ዜጎች ነበሩ። ውሃ፣ ድንኳን፣ መድኃኒትና እህል የደረሰላቸው በዚሁ አስፋልት ነው። በእነዚያ ወራት ይህ መንገድ ስንት ያወጣ ነበር? የካላዛር በሽታም የዚህ ቆላ ነዋሪና ለአረምና ለአጨዳ የሚወርደው የቀን ሠራተኛ መከራ ነው፤ የከፋበት ታማሚ ወደ ጎንደር ዩኒቨርሲቲ ሆስፒታል የሚላከው በዚሁ መንገድ ነው። ኤችዲኤም-4 አምቡላንሱን እንደ አንድ መኪና ይቆጥረዋል።

የጸጥታው ጉዳይ ደግሞ ስሌቱን ጨርሶ ይገለብጠዋል። በዚህ መስመር ላይ መኪና እያስቆሙ ሰው ማገትና ገንዘብ መጠየቅ ለዓመታት ሲሰማ የኖረ ነገር ነው። ከሐምሌ 2015 ዓ.ም. መጨረሻ ጀምሮ የአማራ ክልል በአስቸኳይ ጊዜ አዋጅ ሥር ሲወድቅና ግጭቱ ሲስፋፋ መንገዱ የሚዘጋበት ቀን በዛ። እንዲህ ባለ ጊዜ የመኪናው ቁጥር ይወርዳል። ቁጥሩ ሲወርድ በስሌቱ መሠረት የመንገዱ ጥቅምም ይወርዳል፤ ጥገናው ወደ ኋላ ይገፋል። በግጭት የተጎዳ አካባቢ በስሌቱ ሁለተኛ ጊዜ ይቀጣል ማለት ነው። ኮኪት ስለ መንገድ ሥራና ስለ ጸጥታ የምታውቀው ሌላም መራራ ነገር አለ፤ በጥር 2011 ዓ.ም. የአንድ ተቋራጭ ተሽከርካሪዎችን ባጀቡ ወታደሮችና በነዋሪዎች መካከል እዚሁና ገንዳ ውሃ ላይ በተነሳ ግጭት ሰዎች ሞተዋል። የመንገድ ማሽን ሲመጣ የአካባቢው ሰው የማን እንደሆነና ምን ሊሠራ እንደመጣ ቀድሞ የሚያውቅበት አሠራር ከሌለ ገረጋንቲ ብቻውን መንገድ አይሠራም።

ድልድዮችን በተመለከተ የሌሎች አገሮች ትምህርት ውድ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1967 በአሜሪካ የሲልቨር ድልድይ ወድቆ 46 ሰዎች ከሞቱ በኋላ ነው ድልድይ ሁሉ በጊዜ ሰሌዳ እንዲፈተሽ አገር አቀፍ ደረጃ የወጣው። ጄኖቫ ላይ እ.ኤ.አ. በ2018 የሞራንዲ ድልድይ ወድቆ 43 ሰዎች ሲሞቱ ደግሞ መፈተሽ ብቻውን እንደማይበቃ ታየ፤ የታወቀ ችግር በጊዜው ካልተጠገነ መዝገቡ የሬሳ መዝገብ ይሆናል። በጓንግና በገንዳ ውሃ ተፋሰስ ላይ ያሉት ድልድዮችና ቱቦዎች የነዚያን ያህል ግዙፍ አይደሉም። ግን በአንድ ክረምት ሌሊት ከሚመጣ ጎርፍ ጋር ሲተያዩ ማን እንደሚቀድም የሚያውቀው ያለፈው ዓመት የፍተሻ ወረቀት ብቻ ነው።

ታዲያ ምን ይደረግ? ሁሉም ነገር ሰላም እስኪሆን መጠበቅ መልስ አይሆንም፤ ዋልካው አይጠብቅም። በግጭት ውስጥ እንኳ ሊሠራ የሚችል ሥራ አለ፤ እሱም ከሁሉ ርካሹና ከሁሉ ዋጋ ያለው ነው። ከአዘዞ እስከ መተማ ያለውን ቦይና ቱቦ በየቀበሌው ለተደራጁ የአካባቢው ወጣቶችና ሴቶች በኪሎ ሜትር ከፋፍለው፣ በሠሩበት ቀን ሳይሆን ንጹሕ ሆኖ በተገኘበት ቀን እየከፈሉ መስጠት ይቻላል። ለዚህ ከባድ ማሽንም አጀብም አያስፈልግም። የኮኪት ወጣት የኮኪትን ቦይ ለመጥረግ ኬላ አያልፍም። ገንዘቡ ከመንገድ ፈንድ፣ ቁጥጥሩ ከጎንደር ዲስትሪክት፣ ምስክርነቱ ከወረዳው ሊሆን ይችላል። ቦይ ላይ አፈር የደፋ ባለሱቅም በራሱ ወጪ ውሃ የሚያሳልፍ ቱቦ እንዲቀብር ይገደድ። ሬንጅ የማልበሱና የመልሶ ግንባታው ሥራ መንገዱ ሲከፈት ይቀጥላል። ቦዩ ከተጠበቀ ያኔም የሚጠገን መንገድ ይተርፋል።

ከዚህ ቀጥሎ የሚመጣው መዝገቡን ለሕዝብ መክፈት ነው። የመንገዱ ሁኔታ በየዓመቱ ተለክቶ በኪሎ ሜትር ተዘርዝሮ ቢወጣ የገንዳ ውሃ ነጋዴ፣ የሹፌሮች ማኅበርና የዞኑ ምክር ቤት ምን እንደሚጠይቁ ያውቃሉ። ዛሬ የሚጠይቁት ጉድጓድ ሲያዩ ነው። ጉድጓድ ሲታይ ደግሞ ርካሹ ጊዜ አልፏል።

ስለዚህ ከምዕራብ ጎንደር ለተመረጡ የሕዝብ ተወካዮች አንድ ልመና አለን። በሰኔ በጀት ሲቀርብላችሁ ስንት ኪሎ ሜትር አዲስ መንገድ እንደሚሠራ ከመጠየቃችሁ በፊት ከአዘዞ እስከ መተማ ያለው ካለፈው ዓመት ዘንድሮ ምን ያህል እንዳለቀ ጠይቁ። መልሱ በኪሎ ሜትር ተዘርዝሮ ካልመጣ እጃችሁን አታውጡ።